የማቋረጫው አሳላፊ

ሥራህ ምንድን ነው ሲሉት «አሳላፊ ነኝ» ይል ነበር። የጠየቀው ሰው ታዲያ «የትኛው ሆቴል?» ማለቱ አይቀርም። እሱም ፈገግ ሳይል «ጣሪያ የሌለው ሆቴል ነው፤ እንግዳው ሁሉ ሳይቀመጥ ነው የሚሄደው» ይላል። ይህችን ቀልድ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ተናግሯታል። ባለቤቱም ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ እንደ አዲስ ስቃለታለች።

የሚያሳልፈው ምግብና መጠጥ ሳይሆን መኪና ነበር። የሚሠራበት የብርቱካን እርሻ በአስፋልት ለሁለት የተከፈለ ነው፤ ዛፉ ከላይ፣ ማሸጊያ ቤቱ ከታች። ፍሬውን የሚያመላልሱት ታርጋ የሌላቸው የመስክ መኪናዎች ናቸው። ጎማቸው ወፍራም ነው፣ በር የላቸውም፣ ከፊት ሁለት ሰው ይይዛሉ፣ ከኋላ ትንሽ የጭነት ሳጥን አላቸው። ጎርባጣው መሬት ላይ እየዘለሉ ስለሚሄዱ ሠራተኛው «አንበጣ» ይላቸዋል። አንበጣ እርሻው ውስጥ እንደ ልቡ ነው። አስፋልቱ ጋ ሲደርስ ግን ሕግ አለ።

ሕጉ ማቋረጫው ዳር በቆመ የቆርቆሮ ሰሌዳ ላይ ተጽፏል። ባለባንዲራው (ሰው ሁሉ የሚጠራው እንዲህ ነው) ከራስጌ እስከ ግርጌ በቃሉ ይወጣዋል። ታርጋ፣ መብራትና መስታወት የሌለው ተሽከርካሪ በሕዝብ መንገድ ላይ አይሄድም። ማቋረጥ ግን ይችላል፤ በተሰመረው ቦታ፣ በቀን ብርሃን፣ መስመሩ ላይ ሙሉ በሙሉ ከቆመ በኋላ፣ ቀጥ ብሎ። ሹፌሩ መንጃ ፈቃድ ይኑረው፣ ቀበቶውንም ይሰር። አሳላፊው መንገዱ መሃል ገብቶ በቀይ ባንዲራ የሕዝቡን መኪና ያስቁም፣ በአረንጓዴው የእርሻውን ያሳልፍ። የመጨረሻዋ መስመር አጭር ናት፤ «በቃል ማሳለፍ ክልክል ነው» ትላለች።

አንድ ጊዜ አንድ ሹፌር ሲጋራ አምሮት «እስከዚያች ሱቅ ድረስ በአስፋልቱ ልንዳት፣ ሁለት መቶ ሜትር አትሞላም» ብሎ ለመነው። ባለባንዲራው ሰሌዳውን በጣቱ እያሳየ «ወንድሜ፣ ሕጉ የሰጠህ የመንገዱን ስፋት ነው፣ ርዝመቱን አይደለም» አለው። አባባሉ ማሸጊያ ቤት ድረስ ተወራ። ከዚያ በኋላ እዚያ የሚሠሩት ሴቶች ሻይ ሰዓት ላይ ተለቅ ያለ ቁራሽ ዳቦ ለሚያነሳ ሰው «ስፋቱን ነው የሰጠንህ!» ይሉ ጀመር።

ታናሽ ወንድሙን ያሳደገው እሱ ነው። አዋላጇ በሩን ሳትረግጥ ስለተወለደ እናታቸው «ጥድፌ» አለችው፤ ስሙም በዚያው ቀረ። ነገሩ ግን ተቃራኒው ነበር። ጥድፌ ይባል እንጂ እንደሱ ዝግ ያለ ሰው የለም። አንድ ብርቱካን ልጦ እስኪጨርስ ሌላው ሳጥን ይሞላል። መንዳት ያስተማረው ታላቁ ነው፤ መስመሩ ላይ መቆምንም እንዲሁ። ጥድፌ በአሥራ አንድ ዓመት የአንበጣ ሹፌርነቱ የፊት ጎማው አንዲት ጊዜ እንኳ መስመሯን ቀድሞ አያውቅም። ሌሎቹ ሹፌሮች «መስመሯን ያገባት መስሏል፣ ሳይስማት አያልፍም» እያሉ ይስቁበት ነበር። እሱም «አግብቼማ ቢሆን በየቀኑ መቼ ታስቆመኛለች፣ ታባርረኛለች እንጂ» ብሎ ይመልሳል። ይህን ሲል ሚስቱ ማሸጊያ ጠረጴዛው ላይ ብርቱካን ስትለይ ትሰማውና አንድ ፍሬ ትወረውርበታለች።

ሚስቱም ሆነች ጥድፌ ባለባንዲራውን «ጋሼ» ይሉታል፤ ግን አንተ እያሉ። በወንድማማች ቤት አንቱታ አልነበረም። አንቱታው ያለው አስፋልቱ ላይ ነው። ባለባንዲራው ለመንገደኛ ክብር አያጓድልም፤ ባለ ሲሚንቶ መኪናውንም፣ ባለ ብስክሌቱንም፣ በመኪና መስኮት አንገቱን አውጥቶ የሚሳደበውንም ጎረምሳ ሳይቀር «ይለፉ!» ይላል። የእርሻውን ሹፌሮች ደግሞ «እለፍ!»። ስለዚህ ሁለቱ ቃሎች በመሃላቸው አጥር ነበራቸው፤ «ይለፉ» የአስፋልቱ፣ «እለፍ» የእርሻው።

እንግዲህ ሰሌዳው በቃል ማሳለፍ ክልክል ነው ይላል ብለናል። ታዲያ እሱ ራሱ እንዴት ይጮህ ነበር? አመጣጡ ቀስ በቀስ ነው። ከላይ በኩል ንፋስ ይከልላሉ ተብለው የተተከሉት ዛፎች ዓመት በዓመት ረዘሙ፣ ሰፉም። መስመሩ ላይ የቆመ ሹፌር መንገዱን ለማየት አንገቱን እንደ ሰጎን ማስገግ ነበረበት። ባለባንዲራው ይቆረጡ ብሎ ሦስት ጊዜ ለቢሮ ተናገረ። «ይቆረጣሉ» አሉት። በመሃሉ ጉልበቱ ታመመ። በቀን አርባ ጊዜ መንገዱ መሃል ገብቶ መውጣት እየከበደው ሲመጣ ዳር ላይ ቆሞ ባንዲራ ማወዛወዝ ጀመረ። ዳር የቆመ ሰው ባንዲራ ደግሞ ከዛፎቹ ኋላ ላለው አይታይም። ስለዚህ ድምፁን ጨመረበት። መጀመሪያ ዝናብ ሲሆን ብቻ ነበር፣ ቀጥሎ ፀሐይም ሲሆን፤ በመጨረሻ ባንዲራው ብብቱ ሥር ተጠቅልሎ ቃሉ ብቻ ቀረ። ድምፁ የታወቀ ነው፣ ማሸጊያ ቤት ድረስ ይሰማል። አንድም ነገር ደርሶ ስለማያውቅ ማንም ምንም አላለም።

አንድ ሰኞ ጧት ጥድፌ የሹፌሮች አለቃ ተደርጎ ተሾመ። የሹመቱ ማስረጃ አንዲት ፊሽካና አንድ እስክሪብቶ ነበር። ታላቁ ደስታውን የሚያደርግበት አጣ። ማቋረጫው ላይ ሲደርስለት ባንዲራውን ደረቱ ላይ አድርጎ፣ ወገቡን ሰበር አድርጎ፣

«አለቃ፣ ይለፉ!» አለው።

ጥድፌም አንበጣው ላይ ተኮፍሶ፣ ድምፁን እንደ ጌታ አወፍሮ፣

«አልፈናል!» አለ።

ሹፌሮቹ በሳቅ ፈረሱ። ቀልዱ ጣፈጠና ማክሰኞም ተደገመ፣ ረቡዕም። «ይለፉ!» «አልፈናል!» ሐሙስ ላይ «አለቃ» የምትለው ቃል ከፊቱ ወደቀች፤ ቀልድ ሲለመድ ያጥራል። ዓርብ ረፋድ ላይ የቀረው «ይለፉ» ብቻ ነበር።

ያን ዓርብ ሲሚንቶ የጫነው መኪና ቁልቁለቱን ይወርዳል። ሹፌሩ ሽማግሌ ነው፣ ለዓመታት በዚያ ሲያልፍ ጥሩንባ እየነፋ ሰላም የሚል። ባለባንዲራውን አይቶ ፍጥነቱን ቀነሰ። ባለባንዲራው ጥድፌ ከዛፎቹ ኋላ መስመሩ ላይ መቆሙን የሞተሩን ድምፅ ሰምቶ አውቋል። የከባዱን መኪና ልሸኝና እሱን አሳልፋለሁ ብሎ አሰበ። ለሽማግሌው እጁን አወዛወዘና ጮክ ብሎ «ይለፉ!» አለ።

ሽማግሌው ነዳጅ ረገጠ።

ከዛፎቹ ኋላ፣ በወፍራም የጌታ ድምፅ፣ ሳቅ ባፈነው አፍ፣ «አልፈናል!» የሚል ተሰማ።

ባለባንዲራው «ቁም!» ብሎ ነበር። ብሎ እንደሆነም ዛሬ እርግጠኛ አይደለም። ከዚያ በኋላ አስፋልቱ ላይ የሚንከባለል ብርቱካን ብቻ ነው የሚታወሰው፤ ቁልቁለቱን ይዞ፣ አንዱ ሌላውን እየተከተለ፣ እስከዚያች ሁለት መቶ ሜትር እስከማትሞላው ሱቅ ድረስ።

ትራፊኩ መጥቶ ሜትር ሲዘረጋ ሽማግሌው መንገዱ ዳር እጁን ራሱ ላይ ጭኖ ተቀምጧል። «ይለፉ ብሎኛል እኮ። ልጄ፣ ጠይቀው፣ እኔን ነው ይለፉ ያለኝ» ይላል። ትራፊኩ ወደ ባለባንዲራው ዞረ።

«ለሟች የማለፊያ ምልክት ሰጥተውታል?»

«አልሰጠሁትም።»

«አረንጓዴ ባንዲራ አላነሱም?»

«አላነሳሁም።»

«'እለፍ' አላሉትም?»

«አላልኩትም።»

ሦስቱም እውነት ነበር። ትራፊኩ ጻፈ፤ «ሹፌሩ ያለ ምልክት ወደ ሕዝብ መንገድ በመግባቱ» ብሎ። ባለባንዲራው ፈረመ። ፊርማው እንደ ወትሮው ቀጥ ያለ ነበር፤ በኋላ ሲያስበው ያሳፈረው ይሄ ነው።

ሐዘን ቤት የተቀመጠው ሰው ሁሉ የሚለው አንድ ነው። «ጥድፌ እኮ ነው። ስሙን አውጥቶለታል።» «ምን ያስቸኩለው ነበር፣ ብርቱካኑ አይሸሽ!» በሕይወቱ አንድ ቀን ቸኩሎ የማያውቅ ሰው በስሙ ተፈረደበት። ሚስቱ ደግሞ ከማልቀስ ይልቅ ትቆጣለች። ጃኬቱን አጥፋ ታስቀምጥና ተመልሳ ትዘረጋዋለች፣ ለጃኬቱ ትናገራለች፦ «ሥልጣን ነው ያሳበደህ? አምስት ቀን አለቃ ሆነህ መንገዱ ያንተ መሰለህ? እኛን አላሰብክም?» ባለባንዲራው ጥግ ላይ ተቀምጦ ይሰማል። አፉን ይከፍትና «ውሃ ልቅዳልሽ?» ይላል።

በአሥራ ስምንተኛው ቀን የጥድፌ ልጅ አጠገቡ መጥታ ተቀመጠች። ሁለተኛ ክፍል ናት።

«አጎቴ።»

«ወይ፣ የኔ እመቤት።»

«እኛን አስተማሪያችን መንገድ ስትሻገሩ ቆማችሁ ጠብቁ ትለናለች። አባዬን ማንም አላስተማረውም ነበር?»

ባለባንዲራው ራሷን ዳበሳት። ተነስቶ ቤቱ ሄደና ለባለቤቱ ሁሉንም ነገራት፤ ሰኞ የተጀመረውን ቀልድ፣ የዓርቡን ቃል፣ ከዛፎቹ ኋላ የመጣውን መልስ። ባለቤቱ የያዘችውን ሳህን ሳታስቀምጥ አዳመጠችው።

«ሌላ ማን ሰማ?» አለች።

«ሽማግሌው የሞተሩ ጩኸት ይዞት አልሰማም። እኔ ብቻ ነኝ።»

«እንግዲያው ተወው። በእግዜር ይዤሃለሁ፣ ተወው። ጥድፌ አይመለስ! አንተም እስር ቤት ገብተህ ሁለቱን ቤት ማን ይጠብቀዋል?»

«እኔ ብቻ አይደለሁም የሰማሁት» አለ። «ጥድፌም ሰምቷል። ሰምቶ ነው የገባው።»

በማግሥቱ ፖሊስ ጣቢያ ሄደ። መርማሪው ወጣት ነው፣ ጠረጴዛው ላይ የተቆለለው ፋይል ፊቱን ይከልለዋል።

«አባቴ፣ ይሄ ጉዳይ ተዘግቷል እኮ።»

«ይከፈትልኝ። የሰጠሁት ቃል ጎዶሎ ነበር።»

«ምልክት ሰጥቼዋለሁ ነው የሚሉት?»

«አልሰጠሁትም። 'ይለፉ' ብያለሁ።»

«እሱን ለከባዱ መኪና ነው ያሉት። ሹፌሩም መስክሯል።»

«ወንድሜም እሱን ያልኩት መስሎታል።»

መርማሪው እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «ወንድምዎ ታናሽዎ ነበር አይደል? እርስዎ ነው የሚሉት?»

«አንተ ነበር የምለው። በዚያ ሳምንት ብቻ ነው... ለቀልድ ነው። አለቃ ሆኖ ነበር።»

«ለቀልድ።»

«ለቀልድ።»

«አባቴ፣ ይህን እንዴት ብዬ ልጻፈው? ሕጉ የሚያውቀው ባንዲራ ተነሳ ወይስ አልተነሳም ነው። ስለ አንቱታ የሚያወራ አንቀጽ የለኝም።»

«አለህ» አለ ባለባንዲራው። «የመጨረሻው መስመር። በቃል ማሳለፍ ክልክል ነው።»

ወጣቱ ፊቱን የከለለውን ፋይል ወደ ጎን ገፋ። ከዚያ አዲስ ወረቀት ሳበ። የጻፈውንም ድምፁን ዝቅ አድርጎ አነበበለት፤ «አሳላፊው በባንዲራ ፈንታ በቃል ሲያሳልፍ፣ ለአንደኛው የተነገረው ቃል ለሁለተኛው በመድረሱ፣ ሟች እንደተፈቀደለት አምኖ መንገዱን አቋርጧል።»

«እንደተፈቀደለት አምኖ» አለ ባለባንዲራው። «እሷን እንዳትሰርዛት።»

«አልሰርዛትም።»

ፈረመ። የዚህኛው ፊርማ ከመስመሩ ወጣ።

ከጣቢያው በቀጥታ የሄደው ወደ ጥድፌ ቤት ነው። የወንድሙ ሚስት ደጃፉ ላይ የልጇን የትምህርት ቤት ልብስ ታጥባለች። ቆሞ ነገራት። መቀመጥ አልቻለም። እሷም እጇን ከአረፋው ሳታወጣ አንገቷን ደፍታ ሰማችው። ሲጨርስ አረፋው እየጠፋ፣ እየጠፋ ሄደ።

«ምን ብሎ መለሰልህ?» አለች በመጨረሻ።

«'አልፈናል' አለ።»

«በዚያች ድምፁ?»

«በዚያች ድምፁ።»

«እየሳቀ?»

«እየሳቀ።»

እርጥብ እጇን አፏ ላይ ጫነች። «እኔ አፈር» አለች፤ «እኔ አፈር። አሥራ ዘጠኝ ቀን ሙሉ ስሰድበው! መስመሩን ሳይስም የማያልፈውን ሰው...» ባሏ ከሞተ ጀምሮ ያልወጣው ልቅሶ ያኔ ወጣ። ባለባንዲራው ሊደግፋት እጁን ሲዘረጋ ቀና ብላ አየችው። ዓይኗ ውስጥ ቁጣ አልነበረም፣ ቁጣ ቢሆን ይሻለው ነበር።

«ይሂዱ፣ ጋሼ» አለችው።

«ሂድ» አላለችም። አሥር ዓመት አንተ ስትለው የኖረች ሴት «ይሂዱ» አለች። ሄደ።

ፍርድ ቤቱ የእስሩን ቅጣት በገደብ አደረገለት። እርሻው ባንዲራውን ተቀብሎት ችግኝ ማጠጫው ላይ መደበው። ዛፎቹ በአንድ ቀን ተቆረጡ፤ ሦስት ጊዜ ተለምነው ያልተቆረጡት። ማቋረጫው ላይ አዲስ አሳላፊ ቆመ፣ አፉን የማይከፍት፣ መንገዱ መሃል ገብቶ ባንዲራውን የሚያነሳ ሰው። ሐዘን ቤት «ስሙን አውጥቶለታል» ያሉት ሰዎች አሁን ቃላቸውን ለወጡ፤ አንዳንዶቹም ያሉትን ረስተው «እኔ መቼ አልኩ!» አሉ። ልጅቷ ትምህርት ቤት «አባቴ ቆሞ ጠብቆ ነበር» ብላ መናገሯን ባለቤቱ ሰምታ ነገረችው። እሱም ችግኞቹ መሃል ቁጭ ብሎ፣ ከማጠጫው ጎማ የሚወጣው ውሃ ጫማውን እስኪያጥለቀልቀው ድረስ፣ ይህችኑ አሰላሰላት።

የወንድሙን ሚስት መንገድ ላይ ሲያገኛት ትቆማለች፣ ሰላምታም አትነፍገውም። «እንደምን አደሩ?» ትለዋለች። «ጉልበትዎን ተሻለዎት?» ትለዋለች። አንድም ክፉ ቃል የለበትም። ግን እያንዳንዷ «ዎ» ደረቱ ላይ እንደ ጠጠር ትወድቃለች። አንድ ቀን ለባለቤቱ «ብትሰድበኝ እኮ አንተ ብላ ነበር የምትሰድበኝ» አላት።

በስድስተኛው ወር ልጅቷ ችግኝ ማጠጫው ድረስ መጣች። «እማዬ ትጠራሃለች። የጣሪያው ቆርቆሮ ላልቶ ውሃ ይገባል፣ ምስማሩን የሚያውቀው አጎትህ... አጎትሽ ነው ብላ ነው» አለች፣ መልእክቱ በአፏ ተዘባርቆባት። ባለባንዲራው መዶሻውንና ምስማሩን ይዞ ተከተላት። ልጅቷ አስፋልቱ ዳር ስትደርስ ቆመች። እሱም ቆመ። ግራ አዩ፣ ቀኝ አዩ። መንገዱ ባዶ ነበር። ቢሆንም እሷ እጁን ይዛ እስክትጎትተው ድረስ እግሩን አላነሳም።

የጥድፌ ቤት በር ክፍት ነው። የወንድሙ ሚስት ከውስጥ ስትመጣ የጥድፌን ጃኬት ለብሳለች፤ እጅጌው ረዝሞባት ሁለት ጊዜ ጠቅልላዋለች። ባለባንዲራው ደፉ ላይ ቆመ። ለመግባት ቃል ይጠብቃል።

እሷም አየችው። ከንፈሯ አንድ ነገር ሊል ሲል ተመለሰ፣ እንደገና ሞከረ። ከዚያ ከበሩ ወደ ጎን ፈቀቅ ብላ መንገድ ሰጠችው።

«ይለፉ» አለች፣ ቀስ ብላ።

ባለባንዲራው ማንን እንዳለች ለማየት ወደ ኋላው ዞረ። ከኋላው ማንም አልነበረም።